ጊዜን በብዕር የሚያዝዝ ሊቅ፦ ጎንደሬው ገጸ ባሕርይ በምን ይሠራል?

እንዲህ ያለ ገጸ ባሕርይ አስቡ። ጎንደር የሚኖር ሊቅ ነው። መቃ ብዕሩን ቀለም ነክሮ አንድ መስመር ሲጽፍ ዘመን ይዛወራል። ሲፍቅ ደግሞ የነበረ ሰው እንዳልነበረ ይሆናል። በእውን የኖረ ሰው አይደለም፤ ስምም አልሰጠውም። ልብ ወለድ የሚሞክሩ ወጣቶች ግን እንዲህ ያለውን ሰው ይወዱታል። ችግሩ ወዲያው ወደ አስማት መሮጣቸው ነው። ጠልሰም፣ ክታብ፣ እኩለ ሌሊት፣ ጥቁር ዶሮ።

እኔ ዶሮዋን ተዋት ባይ ነኝ። የአብነት ትምህርቱ ራሱ ለዚህ ሰው በቂ መሣሪያ ይሰጠዋል። ደግሞም ከአስማቱ ይልቅ የሚገርም ነገር አለው። በዚህ ትምህርት ውስጥ የወደፊቱ ጊዜ በሂሳብ የታሰረ ነው፤ ማንም አያንቀሳቅሰውም። ያለፈው ግን ብራና ላይ ነው ያለው፤ ብራና ደግሞ ይፋቃል። ስለዚህ ሊቃችን ነገን መቀየር አይችልም። ትናንትን ግን ሊነካካ ይችላል። እንዴት እንደሆነ ሕይወቱን እየተከተልን እንየው።

ዘመኑን በ17ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻና በ18ኛው መጀመሪያ ላይ እናድርገው። ቀዳማዊ ኢያሱ ነግሧል (እ.ኤ.አ. 1682-1706)። ከተማዋ ከተቆረቆረች ወደ ሃምሳ ዓመት ሆኗታል። የፋሲል ግንብ ቆሟል፤ ደብረ ብርሃን ሥላሴ ሊሠራ ነው። እዚህ ጽሑፍ ላይ የፈረንጆቹን ዓመት ስጠቅስ እ.ኤ.አ. እላለሁ፤ ዓ.ም ካልኩ የራሳችን ነው። ስለ ጊዜ እየጻፉ አቆጣጠር ማምታታት አያምርም።

ልጅነቱን አናራዝመውም። የቆሎ ተማሪ ኑሮ የታወቀ ነው። ደበሎ ለብሶ፣ አኩፋዳ አንግቶ፣ «በእንተ ስማ ለማርያም» እያለ፣ ከመንደር ውሻ እየታገለ ይማራል። ፊደል፣ ዳዊት፣ ዜማ፣ ቅኔ። ለቅኔው ጎጃም ወርዶ ጥቂት ዓመት ሊቆይ ይችላል። ጎንደር የሚመጣው ለመጻሕፍት ትርጓሜ ነው፤ በዚያ ከተማዋ ስሟ የገነነ ነው። ለእኛ ጉዳይ ግን አንድ ትምህርት ይበቃናል፤ እሱም የበዓላትና የአጽዋማት ቀን የሚወጣበት ሂሳብ፣ ባሕረ ሐሳብ ነው።

ፋሲካ መቼ ነው?

ነገሩ ሁሉ የተነሣው ከአንድ ጣጣ ነው። ፀሐይና ጨረቃ አይስማሙም። የፀሐይ ዓመት 365 ቀን ከሩብ ነው። አሥራ ሁለት የጨረቃ ወር ግን 354 ቀን ብቻ ነው። በየዓመቱ 11 ቀን ይተርፋል። ፋሲካ ደግሞ ሁለቱንም የሚጠብቅ በዓል ነው፤ በዚያ ላይ እሑድ መዋል አለበት። ፀሐይን፣ ጨረቃንና ሳምንትን የሚያስታርቅ ሰው ያስፈልጋል። ትውፊቱ ይህን ቀመር ለእስክንድርያው ሊቀ ጳጳሳት ለድሜጥሮስ ይሰጣል።

ደግነቱ 19 የፀሐይ ዓመት ከ235 የጨረቃ ወር ጋር ይገጥማል። ጨረቃ በየ19 ዓመቱ ወደ ቀድሞ ቀኗ ትመለሳለች ማለት ነው። ይህን ንዑስ ቀመር ይሉታል። የቀረው መደመር፣ ማባዛትና ማካፈል ነው። በዓመተ ምሕረት 2018 እንሞክረው፤ ወረቀትና እርሳስ ያለው ይከተለኝ።

መጀመሪያ 5500 ይደመራል፤ ከፍጥረት እስከ ሥጋዌ የሚቆጠረው ዘመን ነው። 7518 ይመጣል። ይህ ዓመተ ዓለም ይባላል። ለ4 ሲካፈል 1879 ይደርስና 2 ይተርፋል። አንድ ከተረፈ ማቴዎስ፣ ሁለት ማርቆስ፣ ሦስት ሉቃስ፣ ምንም ካልተረፈ ዮሐንስ ነው። ስለዚህ ዘመነ ማርቆስ ነው። የደረሰው 1879 ደግሞ መጠነ ራብዒት ይባላል። ከ7518 ጋር ተደምሮ ለ7 ሲካፈል 3 ይተርፋል። አንድ ማክሰኞ፣ ሁለት ረቡዕ፣ ሦስት ሐሙስ እያለ ይሄዳል። የ2018 እንቁጣጣሽ ሐሙስ ነበረ።

አሁን ወደ ጨረቃዋ። 7518 ለ19 ሲካፈል 13 ይተርፋል። አንዱን ለዘመኑ እንተዋለን፤ 12 ይቀራል። ይህ ወንበር ነው። ወንበር በ11 ተባዝቶ በ30 ሲገደፍ አበቅቴ ይወጣል፤ በየዓመቱ የሚተርፈው 11 ቀን ተጠራቅሞ የሚሰጠው ቁጥር ነው። 12 በ11፣ 132፤ ከዚያ 120 ሲነሣ 12። ያው ወንበር በ19 ተባዝቶ በ30 ሲገደፍ መጥቅዕ ይወጣል። 12 በ19፣ 228፤ ከዚያ 210 ሲነሣ 18። አበቅቴና መጥቅዕ ተደምረው 30 መምጣት አለባቸው። ካልመጡ አንድ ቦታ ተሳስታችኋል።

መጥቅዕ ከ14 ከበለጠ መስከረም ላይ ይውላል፤ ካነሰ ጥቅምት ላይ። የእኛው መስከረም 18 ነው፤ ዕለቱ እሑድ። እያንዳንዱ ዕለት ተውሳክ የሚሉት ቁጥር አለው፤ የእሑድ 7 ነው። 18 እና 7፣ 25። ይህ መባጃ ሐመር ነው። መጥቅዑ መስከረም ላይ ስለዋለ ጾመ ነነዌ ጥር 25 ይገባል። ዐቢይ ጾም ከነነዌ 14 ቀን በኋላ፣ የካቲት 9። ፋሲካ 69 ቀን በኋላ፣ ሚያዝያ 4።

ለ2019 ያንኑ መንገድ ብትሄዱ መጥቅዑ 7 ይመጣል። ጥቅምት ላይ ነው፤ ዕለቱ ቅዳሜ፣ ተውሳኩ 8። መባጃ ሐመሩ 15 ይሆንና ነነዌ የካቲት 15 ይገባል። ፋሲካ ሚያዝያ 24። በአንድ ዓመት ልዩነት ሃያ ቀን ወዲያ ተገፋ። ግን መፈናፈኛው ወሰን አለው፤ ፋሲካ ከመጋቢት 26 ቀድሞ፣ ከሚያዝያ 30 አልፎ አይውልም።

አሁን ተራው ሰው ይህን እንዴት እንደሚያየው አስቡ። ሰርጉን መቼ እንደሚደግስ፣ በሬውን እስከ መቼ እንደሚቀልብ፣ ቅቤው መቼ ከምጣድ እንደሚርቅ የሚነግረው ሰው አለ። ያ ሰው ጾሙ ከመግባቱ ወራት በፊት ያውቃል። ቢፈልግ የዛሬ መቶ ዓመቱንም ይነግርሃል። ጊዜን የያዘ ቢመስል አይገርምም።

ተማሪው ቀርቦ «የኔታ፣ ዘንድሮ ፋሲካ ለምን ዘገየ?» ይላል እንበል። የኔታ «ፋሲካስ አልዘገየም ልጄ፤ የቸኮልከው አንተ ነህ። ወንበሩን አውጣ» ብለው ይመልሱታል። ተማሪው ወንበሩን ያወጣል። የኔታ ያገኙትን ቁጥር ራሱ ያገኛል። የሊቁ ሥልጣን የሚያበቃውም እዚሁ ላይ ነው። ሂሳቡ የእሱ የግል ንብረት አይደለም። አንድ ቀን ላንሸራትት ቢል ጎጃም ያለው መምህር ይይዘዋል፤ ዋልድባ ያለው መነኩሴ ይይዘዋል፤ የገዛ ተማሪውም ይይዘዋል።

ስለዚህ ልብ ወለድ የምትጽፉ ሰዎች፣ ሊቁ ፋሲካን ሲያስቀርባችሁ አልቀበልም። ሌላው ቀርቶ ለጥቃቅኑ ጊዜ እንኳ ሕግ አለው። ባሕረ ሐሳብ አንዱን ቀን በ60 ኬክሮስ ይከፍላል። አንዱ ኬክሮስ በዛሬው ሰዓት 24 ደቂቃ ነው። ኬክሮስ በ60 ካልዒት፣ ካልዒት በ60 ሣልሲት እየተባለ እስከ ሳድሲት ይወርዳል። ሣልሲት ላይ ስንደርስ ገና ግማሽ ሴኮንድ አትሞላም። ሳድሲትማ ዓይን ከመርገብገቡ በፊት አልቃለች።

ስምንቱን ዓመት የጻፈው ማን ነው?

ዓመትን በብዕር ያንቀሳቀሱ ሰዎች በእውነት ነበሩ። ጎንደሬዎች ግን አይደሉም። አንዱ በ5ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ላይ እስክንድርያ የነበረው መነኩሴ አንያኖስ ነው። ሌላው በ6ኛው ክፍለ ዘመን ሮም የነበረው ዲዮናስዮስ ነው። ሁለቱም ሥጋዌ በየትኛው ዓመት እንደሆነ አሰሉ። መልሳቸው ግን አልገጠመም። የእኛ ቁጥር በእስክንድርያው መንገድ መጣ፤ የአውሮፓው በዲዮናስዮስ። በመሀሉ 7 ወይም 8 ዓመት ገባ። ቱሪስት የሚወዳት «ኢትዮጵያ ስትሄድ በስምንት ዓመት ወጣት ትሆናለህ» የምትባለው ቀልድ ምንጯ የሁለት ሰዎች የሂሳብ ወረቀት ነው።

ቀጥሎ እ.ኤ.አ. በ1582 የሮማው ጳጳስ 13ኛው ጎርጎርዮስ መጣ። የቀድሞው አቆጣጠር ከፀሐይ ጋር ቀስ በቀስ መፋታቱን የሚያውቁ ባለሙያዎች ነበሩት። ከኦክቶበር 4 ማግስት ኦክቶበር 15 እንዲሆን አዘዘ። አሥር ቀን በአዋጅ ተሰረዘ። በዚያ ሌሊት የተኛ ሰው ሲነሣ አሥር ቀን አልፎታል፤ ግን ጢሙ አላደገም።

ይህ ጎንደርን ምን አገባው? በደንብ ያገባዋል። ዐፄ ሱስንዮስ እ.ኤ.አ. በ1622 የካቶሊክ እምነትን በይፋ ተቀበለ። ቀጥሎ ፓትርያርክ ሆኖ የመጣው አልፎንሶ መንዴዝ በዓላቱና አጽዋማቱ እንደ ሮማ አቆጣጠር እንዲሆኑ አደረገ። አገር ተቃጠለ። በእርግጥ ጦርነቱን ያስነሣው የቀን መቁጠሪያው ብቻ አልነበረም። ዳግም ጥምቀቱ ነበር፤ የካህናቱ ዳግም መሾም ነበር። ቢሆንም አንድ ገበሬ ከሁሉ በፊት በገዛ ጓዳው የሚያውቀው ለውጥ ጾሙ ነው። ጎረቤቱ ሲገድፍ እሱ ይጾማል። ሱስንዮስ እ.ኤ.አ. በ1632 የቀድሞው ሃይማኖት እንዲመለስ አወጀ። ልጁ ፋሲለደስ ነገሠ፤ ኢየሱሳውያኑን አባረረ፤ እ.ኤ.አ. በ1636 ጎንደር ላይ ተቀመጠ።

እንግዲህ ሊቃችን ልጅ ሳለ ይህን በዓይናቸው ያዩ ሽማግሌዎች ገና አልሞቱም። ባሕረ ሐሳብን የሚማረው በነሱ ወሬ መሀል ነው። ለእሱ አበቅቴ ደረቅ ቁጥር አይደለም፤ አያቱ የተዋጋለት ነገር ነው። ለታሪኩ ባላንጣ የሚፈልግ ደራሲም ከዚህ የተሻለ አያገኝም። ሌላ ቀን መቁጠሪያ የያዘ ሌላ ሊቅ ይበቃዋል።

ቤተ መንግሥት

ጎልማሳ ሲሆን ቤተ መንግሥት ይጠራል። ነገሥታቱ ታሪካቸውን በግዕዝ የሚያጽፉላቸው ጸሐፊዎች ነበሯቸው። ለምሳሌ የዐፄ በካፋን ታሪክ የጻፈው ሲኖዳ የሚባል ሊቅ ነው። እነዚህ ጸሐፊዎች አንድን ድርጊት ሲመዘግቡ ወሩንና ቀኑን፣ ዕለቱን፣ ወንጌላዊውን፣ አንዳንዴም አበቅቴውን ይጨምራሉ። ባሕረ ሐሳብ የተማረ ሰው እንደጻፈው ወዲያው ያስታውቃል። ይህን ልማድ ያዙልኝ፤ በኋላ እንፈልገዋለን።

ሊቃችን የገባበት ጊዜ ግን ለጸሐፊ አደገኛ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1706 ተክለ ሃይማኖት አባቱ ኢያሱ በሕይወት እያለ ነገሠ። ኢያሱ በዚያው ዓመት ጣና ደሴት ላይ ተገደለ። ተክለ ሃይማኖትም በ1708 ተገደለ። ቴዎፍሎስ ተተካና የኢያሱን ገዳዮች መቅጣት ያዘ። በ1711 ዮስጦስ መጣ፤ ከነገሥታቱ የወንድ ዘር አይወለድም ነበር። በ1716 ዳዊት፤ በ1721 በካፋ። በአሥራ አምስት ዓመት አራት ነገሥታት አልፈው አምስተኛው ዙፋን ላይ ወጣ።

ጸሐፊው በዚህ መሀል ምን ያድርግ? በ1707 «ንጉሣችን» ብሎ የጻፈለት ሰው በ1709 አባቱን ያስገደለ ተብሏል። ዛሬ ተክለ ሃይማኖትን የምናውቀው «ርጉም» ተብሎ ነው። አንድ ቅጽል ብቻ። ቀኑ አልተቀየረም፤ ወንጌላዊው አልተቀየረም፤ አበቅቴውም ያው ነው። ንግሥናው ግን ተቀየረ። የሊቃችን እውነተኛ ጉልበት የሚጀምረው እዚህ ይመስለኛል። ቀኑን ማዘዝ ያልቻለ ሰው ቀኑ ምን ተብሎ እንደሚታወስ ያዝዛል። ይህን ለማድረግ ደግሞ መጀመሪያ በሕይወት መቆየት አለበት፤ የሚቀጥለው ንጉሥ የሚያነበው የትኛውን ገጽ እንደሆነ ማወቅ አለበት።

የወደፊቱን መጻፍስ? እላይ አይቻልም ብያለሁ። አንድ የሚያስቸግር ምሳሌ ግን አለ። ፍካሬ ኢየሱስ የተባለው መጽሐፍ ከብዙ መከራ በኋላ ቴዎድሮስ የሚባል ጻድቅ ንጉሥ እንደሚመጣ ይናገራል። ሊቃችን ይህን አንብቦታል፤ ምናልባት በገዛ እጁ ገልብጦታል። እሱ ካለፈ ከብዙ ዘመን በኋላ፣ በዘመነ መሳፍንት ማብቂያ፣ ቋረኛው ካሣ ኃይሉ ተነሣ። እ.ኤ.አ. በ1855 ደረስጌ ማርያም ሲነግሥ ስሙን ቴዎድሮስ አለ። ትንቢቱ ሰውየውን አመጣው ወይስ ሰውየው ትንቢቱን አነበበው? እኔ ሁለተኛውን እመርጣለሁ። ሕዝቡ ስሙን ቀድሞ ያውቀው ስለነበር ካሣ በዚያ ስም ውስጥ ገባበት።

ከመጽሐፍ ስሙን ያገኘው ንጉሥ ለጎንደር መጻሕፍት አልራራም። እ.ኤ.አ. በ1866 አብያተ ክርስቲያናቱ ተዘረፉ፤ ተቃጠሉ። መጻሕፍቱ ወደ መቅደላ ተጫኑ። በ1868 እንግሊዞች መቅደላን ሲይዙ ከተከማቸው ውስጥ ወደ 350 የሚሆኑት ብሪቲሽ ሙዚየም ገቡ። የጎንደርን ዘመን ማጥናት የፈለገ ተመራማሪ ለንደን የሚሄደው በዚህ ምክንያት ነው።

ሐሰተኛው ሰነድ

ወደ ሊቃችን እንመለስ። አርጅቷል። አንድ ደብር ያገለግላል። ደብሩ ከጎረቤቱ ጋር በጉልት መሬት ተካሷል። ጉልቱን የሰጠው በካፋ ነው። ጎረቤትየው ግን «የኔ ይቀድማል» ይላል። ካህናቱ ሊቁን ይለምኑታል። «አባታችን፣ ይህችን ሰነድ ትንሽ ወደ ኋላ ቢወስዷትስ? የፋሲለደስ ስጦታ ብትሆንልን?»

እንዲህ ያለ ሰነድ የሚጻፈው ብዙ ጊዜ በወንጌል መጽሐፍ ባዶ ገጽ ላይ ነው። መሬቱ ይዘረዘራል፤ የንጉሡ ስም ይገባል፤ ዘመኑ ይጠቀሳል፤ ምስክሮቹ ይደረደራሉ። መጨረሻ ላይ ውግዘት አለ። የፋቀም የሰረቀም በጴጥሮስ ወጳውሎስ ሥልጣን የተወገዘ ይሁን ዓይነት ነው። ወንጌል ላይ መጻፉ ለክብሩ ብቻ አይደለም፤ ለመፋቅም እጅ እንዲንቀጠቀጥ ነው።

ሆኖም መፋቅ ነበር። ብራና የፍየል ወይም የበግ ቆዳ ነው። ቀለሙ ላዩ ላይ ይቀመጣል እንጂ እንደ ወረቀት ውስጥ ድረስ አይጠጣም። ስለታም ቢላ ያነሣዋል። መጽሐፍ ባለቤት ሲቀይር የቀድሞው ባለቤት ስም ተፍቆ የአዲሱ መግባቱ የተለመደ ነበር። በጸሎት መጽሐፍ ውስጥ «ለገብርከ እገሌ» የሚለው ቦታ ላይ የአንዱ ስም ሄዶ የሌላው ይተካል። ጸሎቱ ያው ነው፤ የሚጸለይለት ሰው ግን ሌላ ሆነ። ፍቁ ቦታ ግን ይሳሳል፤ ሻካራ ይሆናል። ብርሃን ላይ ሲያዝ ይታያል። ስለዚህ ብልህ ሰው በተቻለ መጠን ጥቂት ቦታ ይፍቃል።

ሊቁ ያለበት ፈተና ይኸው ነው። ስንት ቦታ ልፋቅ?

የእኛን ምናባዊ ሰነድ እንዲህ እናድርጋት። የዓመቱ ቁጥር አልተጻፈባትም። «በንጉሣችን በበካፋ፣ በዘመነ ማርቆስ፣ አበቅቴ 26፣ መስከረም 1 ቀን፣ በዕለተ እሑድ» ትላለች። ማንም ባሕረ ሐሳብ የሚያውቅ ሰው ይህን አይቶ 1718 ዓ.ም መሆኑን ያወጣዋል። የሚያወጣው በሦስት ዑደቶች ነው። ወንጌላዊው በየ4 ዓመቱ ይዞራል። ሳምንቱ 7 ቀን ነው። አበቅቴው በ19 ዓመት ይመለሳል። ሦስቱ በአንድ ሰነድ ላይ ሲገኙ ሦስት ምስክር ናቸው፤ አንዱን ስታባብል ሌላው ይናገራል።

ሊቁ መጀመሪያ 28 ዓመት ወደ ኋላ ይሞክራል እንበል። 4 በ7፣ 28 ነው። 1690 ዓ.ም ላይ ይደርሳል፤ የኢያሱ ዘመን ነው። ያኔም ዘመነ ማርቆስ ነው። መስከረም 1 ያኔም እሑድ ነው። ሁለቱ ምስክሮች ዝም አሉ። አበቅቴው ግን 17 ነው እንጂ 26 አይደለም። ቁጥሯን መፋቅ አለበት። በዚያ ላይ ካህናቱ የፈለጉት ፋሲለደስን ነው፤ ኢያሱ አይበቃቸውም።

ቀጥሎ 76 ይሞክራል። 4 በ19 ነው፤ ማዕከላዊ ቀመር ይሉታል። 1642 ዓ.ም ላይ ያርፋል። ፋሲለደስ ዙፋን ላይ ነው፤ ጎንደርም አለች። ዘመኑ ማርቆስ ነው። አበቅቴውም 26 ነው። እንዴት ደስ ይላል! ዕለቱን ሲያወጣ ግን መስከረም 1 ረቡዕ ሆኖ ያገኘዋል። ስለዚህ ሁለት ቦታ ብቻ ይፍቃል። «በካፋ» ይጠፋና «ፋሲለደስ» ይገባል፤ «እሑድ» ይጠፋና «ረቡዕ» ይገባል። ሰነፍ አጭበርባሪ የንጉሡን ስም ብቻ ቀይሮ ይተኛል። ሊቃችን ግን ዕለቱን አይረሳም። ከሳሽየው ሌላ ሊቅ ቢያመጣ እንኳ ሂሳቡ ንጹሕ ነው።

ሂሳቡ ንጹሕ ነው፤ ሰነዱ ግን አይደለም። ምስክሮቹ አሉ። እገሌ በትወደድ፣ እገሌ አዛዥ እየተባለ የተደረደሩት የበካፋ ሰዎች ናቸው። በፋሲለደስ ዘመን ገና አልተወለዱም። እነሱንም እፍቃለሁ ካለ ገጹ ወንፊት ይሆናል። ካልፋቀ ደግሞ በ1642 ያልተወለደ ሰው በ1642 ይመሰክራል። እዚህ ጋ ልብ ወለድ ጸሐፊው ብዙ መሥራት ይችላል። አጻጻፉም ያሳብቃል፤ የፊደል አጣጣል ከትውልድ ትውልድ ይለያል። ተመራማሪዎች ዛሬም ቀን የሌለውን ብራና ዘመን የሚገምቱት በፊደሉ መልክ ነው። ደግሞ ደብሩ አንድ ሰነድ ቢኖረውም ቅጂው ሌላ ቤት ሊኖር ይችላል። ያለፈው ጊዜ ይፋቃል አልኩ እንጂ አንድ ቦታ ላይ ብቻ ተቀምጧል አላልኩም።

ሊቁ ተስፋ ሲቆርጥ አንድ ሐሳብ ይመጣለታል። አራትን፣ ሰባትንና አሥራ ዘጠኝን በአንድ ላይ ቢያባዛቸው? 4 በ7፣ 28። 28 በ19፣ 532። ይህ ዐቢይ ቀመር ነው። በየ532 ዓመቱ ወንጌላዊው፣ ዕለቱ፣ አበቅቴው፣ ፋሲካውም ሳይቀር፣ ሁሉም አንድ ላይ ወደ ነበሩበት ይመለሳሉ። ሰነዱን 532 ዓመት ወደ ኋላ ቢወስደው ከዘመኑ አንዲት ፊደል መፋቅ አያስፈልገውም። ማርቆስ ማርቆስ ነው፤ 26ም 26 ነው፤ እሑድም እሑድ ነው። የንጉሡ ስም ብቻ ይቀየር። ከጎረቤትየው ሰነድ የቱንም ያህል ይቀድማል። በዓለም ላይ ይህን የሚያጋልጥ አበቅቴ የለም።

ብዕሩን ያነሣል። 1718 ሲቀነስ 532፣ 1186 ዓ.ም። ከዚያ የማንን ስም እንደሚጽፍ ማሰብ ይጀምራል። በዚያ ዓመት የነገሡት ዛጉዌዎች ናቸው፤ መናገሻቸውም ላስታ ነው። ጎንደር ልትቆረቆር ከአራት መቶ ዓመት በላይ ይቀራታል። ጉልቱን የሚቀበል ደብር የለም፤ ከሳሽ ጎረቤትም የለም።